ማራኪ ግቢዬ ሳር መሃል የበቀለው ይህ ምንድን ነው? (ፎቶ አለው)

የማራኪዋ | ነሐሴ 14፣ ጠዋት 3፡20

ሰላም ለዚህ ቤት። ጎንደር፣ ማራኪ ነው የምኖረው። ከሁለት ዓመት በፊት ሰኔ ላይ ግቢዬን ሳር አስተክዬ ነበር። የሸጠልኝ ሰው «የፈረንጅ ሳር ነው፣ እንደ ምንጣፍ ይሆንልሻል» አለኝ። አልዋሸም፣ እንደ ምንጣፍ ሆነልኝ። ደቃቅ ነው፣ ጠቆር ያለ አረንጓዴ፣ በባዶ እግር ሲሄዱበት ደስ ይላል።

ዘንድሮ ክረምት ሲገባ ግን መሃሉ ላይ ሌላ ሳር ብቅ አለ። ቀለሙ ፈዘዝ ያለ፣ ወደ ቢጫ የሚያደላ ነው። መጀመሪያ የእንጀራ ምጣድ ያህል ነበር። አሁን ሦስት ቦታ ሆኗል፣ ትልቁ አልጋ ያክላል። ስረግጠው እንደ ስፖንጅ ይሰምጣል። አጥሩ ጥግ ደግሞ ሌላ ዓይነት አለ፤ እንደ ችቦ በአንድ ላይ የቆመ፣ ሻካራ፣ ማጭድ የማይበግረው።

ሳር የሚያጭድልኝ ልጅ «በዶማ ልገልብጠው» ይለኛል። ልጄ «ሁሉንም አንስተን ሴራሚክ እናንጥፍ» ይላል። የእሱ ሠርግ ጥር ላይ ነው፣ ድንኳኑም የሚጣለው እዚሁ ሳር ላይ ነው። ለዚህ ነው የቸኮልኩት። ሁለት ፎቶ አያይዣለሁ። ስሙን የሚያውቅ ይንገረኝ።

አዘዞ_ልጅ | ነሐሴ 14፣ ጠዋት 3፡41

ሰርዶ ነው እትዬ። አለቀ። ራውንድአፕ የሚባለውን የሳር መርዝ ይርጩበት፣ በሁለት ሳምንት ድራሹ ይጠፋል። ለሠርጉ እንኳን አደረስዎ።

ባለ_ፒያሳ | ነሐሴ 14፣ ቀን 6፡05

መርዙ ከከበደዎት አጎቴ ለጤፉ የሚረጨው ቱፎርዲ አለ፤ እሱ ዋጋው ቀለል ይላል። አረም አይደል ይህስ?

የሰብል_ተመራቂ | ነሐሴ 14፣ ቀን 8፡30

አዘዞ_ልጅ፣ ወንድሜ ቀስ በል። ከዚህ ርቀት በተነሳ ፎቶ ሳር ሁሉ ሳር ነው የሚመስለው።

ባለ_ፒያሳ፣ ቱፎርዲ ቅጠለ ሰፊ አረምን ነው የሚገድለው። ጤፍ ላይ የሚረጨውም ጤፍ ራሱ ሳር ስለሆነ፣ ስለማይጎዳው ነው። እትዬ ግቢ ቢረጩት እንደ ማገጥ ያለው ቅጠለ ሰፊ ይሞትና ያ ሳር የልብ ልብ ተሰምቶት ይሰፋል።

እትዬ፣ ልጁ በዶማ እንዳይነካው አደራ። ለጊዜው ያቆዩትና የሚከተለውን ይዩልኝ። ከፈዛዛው ሳር አንድ ዘለላ ከነሥሩ ይንቀሉ። ከመሬት በላይ የሚሳብ ግንድ አለው? ከመሬት በታችስ? ውፍረቱ ምን ያህል ነው? ቅጠሉን በጣትዎ ሲያሻሹት ፀጉር አለው ወይስ ለስላሳ ነው? ከዚያ ቅጠሉን ከግንዱ ወደ ኋላ ቀስ አድርገው ያጥፉት። መጋጠሚያው ላይ በውስጥ በኩል ትንሽ ነገር አለች፣ ምላስ የምትመስል። ባለሙያዎች ሊጉል ይሏታል። የሳር መታወቂያ ካርዱ እሷ ናት። ፀጉር ናት ወይስ እንደ ሽንኩርት ልጣጭ ስስ ሽፋን? አበባ ካለውም ፎቶ ያንሱልኝ። የተተከለውንም ደቃቁን ሳር እንደዚሁ ይዩት፣ ለማነጻጸር ይረዳናል።

የደንቢያው | ነሐሴ 14፣ ማታ 2፡15

የዶማውን ነገር እኔም ልጨምር። እኔ ገበሬ ቤት ነው ያደግሁት፣ ደንቢያ። ሰርዶ ከሆነ በዶማ የቆረጠው ሰው አባዛው ማለት ነው። እያንዳንዷ ቁራጭ አንጓ ካላት ራሷን ችላ ትበቅላለች። አባቴ ሰርዶ የያዘውን ማሳ በበጋ ነበር ደጋግሞ የሚያርሰው፣ ፀሐዩ ሲከር። እኛ ልጆቹ ከኋላው እየተከተልን ሥሩን እንለቅማለን። ድንበሩ ላይ እንከምረዋለን፣ እዚያ ይደርቃል። አንድ ጊዜ ሰነፍኩና ግማሹን አፈር ውስጥ መልሼ ቀበርኩት። በሰኔ እኔ የሠራሁበት መስመር ብቻ ለምልሞ ተገኘ! የተቆነጠጥኩት ጆሮዬ ዛሬም ትዝ ይለኛል።

በነሐሴ ጭቃ ውስጥ በዶማ መገልበጥ ግን ለሳሩ ድግስ መደገስ ነው።

የማራኪዋ | ነሐሴ 15፣ ጠዋት 2፡50

አመሰግናለሁ ልጆቼ። መነጽሬን አድርጌ፣ የስልኩን ካሜራ እንደ ማጉያ ይዤ ተቀመጥኩበት። ነርስ ነበርኩ፣ መመርመር አይከብደኝም።

ፈዛዛው ሳር፦ ከመሬት በላይም በታችም ግንድ አለው። የላይኛው እንደ መኮሮኒ ወፍራም ነው፣ በየአንጓው ሥር ሰዷል። ቅጠሉ ፀጉር አለው፣ በተለይ ወደ ግንዱ ሲጠጋ። ምላስ ያላችሁኝ ቦታ ላይ የነጭ ፀጉር ረድፍ አለ፣ እንደ ሽፋሽፍት። አበባ የለውም። ምንም! ሌላው ሳር ሁሉ ሲያብብ ይህ አንድ ዘለላ አላወጣም።

ደቃቁ፣ የተከልኩት፦ ይህም የሚሳብ ግንድ አለው፣ ግን እንደ ስፓጌቲ ቀጭን ነው፣ ጠንካራ። ቅጠሉ ለስላሳ ነው። መጋጠሚያው ላይ ይኸውም የፀጉር ረድፍ አለው፣ አጠር ያለ። ግንቦት ላይ ትንንሽ አበባ አውጥቶ እንደነበር አስታውሳለሁ፤ የወፍ እግር የሚመስል፣ ሦስትና አራት ጣት ያለው።

የደንቢያው | ነሐሴ 15፣ ጠዋት 3፡02

እትዬ ይቅርታ ያድርጉልኝና ሳቄ መጣ። የወፍ እግር ያሉት እኮ ሰርዶ ነው። ገንዘብ ከፍለው ሰርዶ ገዙ ማለት ነው?

የሰብል_ተመራቂ | ነሐሴ 15፣ ቀን 7፡10

ጋሼ ደንቢያው ልክ ነዎት፣ ግን ሻጩንም አንኮንነው። በሞቃት አገሮች ለኳስ ሜዳና ለጎልፍ ሜዳ ከሚተከሉት ዋነኛ ሳሮች አንዱ ሰርዶ ነው፤ ፈረንጆቹ ቤርሙዳ ይሉታል፣ ሳይንሳዊ ስሙ ሳይኖዶን ዳክቲሎን። ዳክቲሎን ጣት ማለት ነው፣ በዚያው በአበባው። ከተራው ሰርዶና ከሌላ የሰርዶ ዘመድ የተዳቀሉ ደቃቅ ዓይነቶች አሉ። ለምሳሌ ቲፍዌይ የሚባለው አሜሪካ፣ ጆርጂያ ውስጥ የወጣ ነው፣ እ.ኤ.አ. በ1960። እነዚህ ድቅሎች የሚበቅል ዘር አይሰጡም፣ ስለዚህ የሚተከሉት በቁርጥራጭ ግንድ ነው። እትዬም የገዙት በዘር ሳይሆን በንጣፍ ወይም በቁርጥራጭ ይመስለኛል።

ስለዚህ አዘዞ_ልጅ «ሰርዶ ነው» ማለቱ ልክ ነበር፤ ችግሩ ትክክለኛውን ስም ለትክክለኛው ሳር አለመስጠቱ ነው። ራውንድአፕ ተረጭቶ ቢሆን መጀመሪያ የሚሞተው ምንጣፉ ነበር። የመርዙ ንጥረ ነገር ግላይፎሴት ነው፣ አረንጓዴ የሆነውን ሁሉ ነው የሚመታው። ደግሞ በነሐሴ ጎንደር! ጠዋት ረጭተው ከሰዓት ዝናቡ ሲያጥበው ማየት ነው።

ወደ ፈዛዛው ልምጣ። እኔ ሁለት ተጠርጣሪዎች ነበሩኝ። አንደኛው ዲጂታሪያ አቢሲኒካ፤ ስሙን ከአገራችን የወሰደ፣ መሬት ውስጥ ሽቦ የመሰለ ሥረ ግንድ የሚዘረጋ፣ በምሥራቅ አፍሪካ የቡና ገበሬን የሚያስለቅስ ነው። የሱ አበባ ጣቶች ከአንድ ነጥብ አይነሱም፣ ግንዱ ላይ እየተፈራረቁ ወደ ላይ ይወጣሉ። ሊጉሉ ደግሞ ስስ ሽፋን ነው። እትዬ ያዩት ፀጉር ስለሆነ እሱ ወጣ።

የቀረው ኪኩዩ ሳር ነው። ወፍራም ግንድ፣ ፀጉራም ቅጠል፣ ፈዛዛ አረንጓዴ፣ ስፖንጅ የመሰለ። አበባ የለውም ያሉትም እዚህ ይገባል። አበባ አለው፣ ግን በቅጠሉ ሽፋን ውስጥ ተደብቆ ነው። ክላንደስቲነስ የሚለው የሳይንስ ስሙም ድብቅ ማለት ነው።

ማረጋገጥ ከፈለጉ አጭር አድርገው ያሳጭዱት። ኪኩዩ ሲታጨድ ወይም ሲጋጥ ነው ለማበብ የሚነሳሳው። ከዚያ በየጠዋቱ ፀሐይ ሳይበረታ ወጣ ብለው ይዩት። ምን እንደሚያዩ አልነግርዎትም፣ እንዳልመራዎት።

ሜሪላንድ_ጎንደሬ | ነሐሴ 15፣ ማታ 4፡30

እዚህ ጎረቤቴ ሰርዶን «የሽቦ ሳር» እያለ ሲረግመው ነው የሚውለው። የሱ ምንጣፍ ሌላ ዓይነት ነው፣ የብርድ አገር ሳር። ሰርዶው በብርዱ ወራት ቢጫ ሆኖ መሃሉ ላይ ይታያል፣ እሱ ያብዳል። ሁለት ቤት አለፍ ብሎ ያለው ሰውዬ ደግሞ ያንኑ ሰርዶ ከፍሎ አስተክሏል። ኪኩዩ እዚህ አገር በፌደራል መንግሥት የአደገኛ አረሞች መዝገብ ላይ ነው ያለው። ካሊፎርኒያ ውስጥ ግን ታላላቅ ውድድር የሚካሄድበት የጎልፍ ሜዳ አለ፣ ሪቪየራ የሚባል፤ ሳሩ ኪኩዩ ነው።

አዘዞ_ልጅ | ነሐሴ 16፣ ጠዋት 2፡00

እሺ ተሸንፌያለሁ። ግን ኪኩዩ ኬንያ አይደለም እንዴ? ማራኪ ማን አመጣው?

የሰብል_ተመራቂ | ነሐሴ 16፣ ጠዋት 4፡20

ስሙ ነው የኬንያ። ሳሩ የምሥራቅ አፍሪካ ደጋ ሁሉ ተወላጅ ነው፣ የእኛም። ጎንደር ከባሕር ጠለል በላይ ከ2,000 ሜትር በላይ ናት፣ ለሱ የተመቸች። እንግዳው ከውጭ ተዳቅሎ የመጣው ምንጣፉ ነው፣ አረም የተባለው የቤት ልጅ ነው።

ስፌት_ወዳድ | ነሐሴ 16፣ ቀን 9፡15

ሁላችሁም ስለ መጀመሪያው ፎቶ ትጨቃጨቃላችሁ። ሁለተኛውን ማንም አላየውም? እትዬ፣ አጥሩ ጥግ ያለው አክርማ ነው! ቅጠሉን በቁሙ ይዩት፤ ጠርዙ ላይ እዚህም እዚያም የጥጥ ብናኝ የመሰለ ነጭ ፀጉር ቁጥር ቁጥር ብሎ ይገኛል። ግንዱ አይሳብም፣ በአንድ ቦታ ነው የሚወፍረው። እናቴ ብታየው አትነቅለውም ነበር። ሰፌድ ትሰፋበታለች።

የማራኪዋ | ነሐሴ 16፣ ማታ 1፡10

ወይ ጉድ። ነጩን ፀጉር አየሁት። እናቴም በአክርማ ትሰፋ ነበር፣ እኔ ግን የማውቀው ደርቆ ገበያ ላይ ታስሮ ነው እንጂ ሲበቅል አይቼው አላውቅም። የከተማ ልጅ መሆን እንዲህ ነው።

ባለ_ፒያሳ | ነሐሴ 17፣ ጠዋት 5፡00

ሐሳብ ላስቀይስና፣ እኔም ግቢ አንድ አለ። ስነቅለው ከሥሩ ትንንሽ ፍሬ የመሰለ ነገር ይበጠሳል፣ በሳምንቱ ተመልሶ ይበቅላል። ሰርዶ ነው ኪኩዩ?

የሰብል_ተመራቂ | ነሐሴ 17፣ ቀን 6፡30

ግንዱን በሁለት ጣት ይዘህ አሽከርክረው። ሦስት ጠርዝ ካለው ሳር አይደለም፣ የቀጤማ ዘመድ ነው።

የደንቢያው | ነሐሴ 17፣ ቀን 6፡44

እንግጫ ነዋ! ጳጉሜን ድረስ አቆየው። የሰፈሩ ልጃገረዶች መጥተው በዘፈን ይነቅሉልሃል።

የማራኪዋ | ነሐሴ 27፣ ጠዋት 1፡35

አየሁት!

ከአሥር ቀን በፊት አሳጠርኩት። ዛሬ ጠዋት ቡና ላፈላ ስወጣ ፈዛዛው ቦታ ላይ ዱቄት የተነፋበት ይመስላል። መጀመሪያ የሸረሪት ድር መስሎኝ ነበር። ጎንበስ ብዬ ሳየው ከቅጠሎቹ መሃል እንደ ነጭ የሐር ክር የቀጠነ ነገር ቀጥ ብሎ ወጥቷል፣ ጫፉ ላይ ጠብታ የምታክል ነገር አለ። በሺህ የሚቆጠር ነው። ደቃቁ ሳር ላይ አንድም የለም። ልጄን ከእንቅልፉ ቀስቅሼ አሳየሁት። «እማዬ ለሳር ነው የቀሰቀስሽኝ?» አለኝ።

የሰብል_ተመራቂ | ነሐሴ 27፣ ጠዋት 2፡50

ኪኩዩ ነው፣ ከዚህ በላይ ማረጋገጫ የለም። ያዩት ክር የአበባው የወንዴ ክፍል ነው። አበባው ራሱ ተደብቆ ይቀራል፣ ጎልቶ የሚታየው እሱ ነው። ዘሩም እዚያው ቅጠሉ ውስጥ ተሸጉጦ ይበስላል።

አሁን ጥያቄ አለኝ። ሦስቱ ቦታዎች ላይ አምና ምን ተደርጎ ነበር? የከብት ፍግ አድርገውበታል?

የማራኪዋ | ነሐሴ 27፣ ጠዋት 3፡15

አንተ ልጅ ጠንቋይ ነህ? ሳሩ የሳሳባቸው ሦስት ቦታዎች ነበሩ። ከጎረቤት ላም ፍግ አምጥቼ ያለበስኩት እነሱን ብቻ ነው።

የሰብል_ተመራቂ | ነሐሴ 27፣ ጠዋት 4፡40

ላሟ ኪኩዩ ግጣለች፣ ዘሩ በሆዷ አልፎ ሳይሞት ወጥቷል። መንገዱ ይኸው ነው። ፍግ በደንብ ሳይብላላ ከተደረገ ከነዘሩ ነው የሚገባው። እሳት ሆኖ ሙቀት አውጥቶ የበሰለ ፍግ ቢሆን አብዛኛው ዘር ይሞት ነበር።

ምን ይደረግ ለሚለው፣ እኔ ብሆን እንዲህ ነበር የማደርገው። ሁለቱ ሳሮች የሚወዱት ነገር ይለያያል። ኪኩዩ ውሃና ፍግ ሲጠግብ ያሸንፋል። ሰርዶ ደግሞ ፀሐይ፣ ድርቀትና አጭር አጨዳ ይችላል። በእኛ ከተማ ውሃ በፈረቃ እንደሚመጣ ያውቁታል፣ ከኅዳር በኋላ ጊዜው ለሰርዶ ያደላል። ስለዚህ ማዳበሪያና ፍግ ያቁሙ፣ በአጭሩ ያሳጭዱ። ትንንሾቹን ሁለት ቦታዎች በእጅ ይንቀሉ፣ አሁን መሬቱ ርሶ ሳለ። በመኮትኮቻ ከሥሩ ፈልፍሎ ማንሳት ነው እንጂ መቆራረጥ አይደለም። ከጠርዙ አንድ ክንድ ያህል አልፈው ይፈልጉ፣ የሚሳበው ግንድ ቀድሞ ሄዷል። የነቀሉትን ጣሪያ ቆርቆሮ ላይ ያስጡት፣ ጠጠር እስኪሆን ይድረቅ። ወደ ፍግ ጉድጓድ እንዳይመልሱት።

አልጋ የሚያክለው ላይ መርዝ የግድ ከሆነ መርጨት ሳይሆን መቀባት ነው፤ ጓንት አድርጎ፣ በቀለም ብሩሽ፣ ዝናብ በሌለበት ቀን፣ ሳሩ ለምለም ሳለ። በበጋ ደርቆ ሳለ መቀባት ዋጋ የለውም፣ የተኛ ሳር መርዝ አይጠጣም። የተቀባውን ሳር ለከብት አይሰጡም።

ሜሪላንድ_ጎንደሬ | ነሐሴ 28፣ ሌሊት 8፡10

ወይም ይተዉት። እንግዳ ሠርግ ላይ ሊጉል አያይም።

የደንቢያው | ነሐሴ 28፣ ጠዋት 2፡30

ይህ የጤፍ ማሳ ቢሆን አልተወውም ነበር። ግቢ ከሆነ ግን አረንጓዴ እስከሆነ ድረስ ምን ገዶን? ብቻ ስፖንጅ የሚመስለው ቦታ ላይ ወንበር ይሰምጣል። ሽማግሌዎቹን እዚያ እንዳያስቀምጡ።

የማራኪዋ | ጥቅምት 9፣ ቀን 10፡00

የደረስኩበትን ልንገራችሁ፣ የጠየቀ ሰው ጠፍቶ ዝም ማለት ደግ አይደለም።

ሁለቱን ትንንሾች በእጄ አነሳኋቸው። ሦስት ከሰዓት በኋላ ፈጀብኝ፣ ወገቤን ለሳምንት አልቻልኩም። ቆርቆሮው ላይ የሰጣሁት በአምስት ቀን ገለባ ሆነ። ከቦታው ላይ አራት አዲስ ቡቃያ ወጥቶ ነበር፣ ነቀልኩት። ዳሩ ላይ ያለው ሰርዶ ወደ ባዶው መሬት ምላሱን ማውጣት ጀምሯል። በጣት ስለካው በሳምንት አንድ ስንዝር ገደማ ሄዷል።

ትልቁን ተውኩት። መርዙን ገዝቼ ብሩሹን ይዤ ቆሜ ነበር፣ ከዚያ ጠዋት የሚወጣው ነጭ ክር ታሰበኝና አንጀቴ እምቢ አለ። ልጄም ሴራሚኩን ረስቶታል። አሁን እጮኛውን ጠዋት ጠዋት እያመጣ «ነይ ድብቁን አበባ ላሳይሽ» ይላታል። ያ የቀሰቀስኩት ልጅ!

አክርማዋንም አልነካኋትም። ስፌት_ወዳድ፣ እናትሽ መቼ እንደሚታጨድ ጠይቂልኝ።

ስፌት_ወዳድ | ጥቅምት 9፣ ማታ 1፡20

ጠየቅኋት እትዬ። ራሷ መጥታ ማየት ትፈልጋለች። አዘዞ ነው ያለነው፣ ቅዳሜ ይመችዎታል?

አዘዞ_ልጅ | ጥቅምት 9፣ ማታ 1፡45

እኔም አዘዞ ነኝ፣ ላደርሳችሁ እችላለሁ። መርዝ አልይዝም።

የማራኪዋ | ጥቅምት 10፣ ጠዋት 2፡15

ቅዳሜ ከቡና በፊት ኑ፣ ክሩ የሚታየው በጠዋት ነው። የድንኳን ተካዮቹም ያን ቀን ይመጣሉ። ካስማ የማይመታበትን ቦታ በኖራ ከብቤዋለሁ፣ እንዳትረግጡት።